ጉንፋን የወሰደው ወንበር

ጎደሊቭ በፍላንደርስ ቴሌቪዥን የምሽቱን ፕሮግራም ታስተዋውቅ ነበር። ከአበባ ማስቀመጫ አጠገብ ተቀምጣ «ቀጥሎ የብስክሌት ውድድሩን እናያለን» ማለት ነበር ሥራዋ። ቀላል ይመስላል፤ ያን ጊዜ ግን በምትኖርበት በቲልት ከተማ ባለሥጋ ቤቱ ወረፋ አያስጠብቃትም ነበር። አንድ ክረምት ጉንፋን ጣላትና ሄርሊንደ የምትባል ልጅ ለሳምንት ተካቻት። ያ ሳምንት እስከ ዛሬ አላለቀም። ሄርሊንደ የራሷ የጨዋታ ፕሮግራም ሲሰጣት፣ ለጎደሊቭ የደረሳት የሶፋ መደብር ሲከፈት ሪባን መቁረጥ ነበር፤ ኋላም እሱም ቀረ።

ተረሳሁ ብሎ የሞተ ሰው የለም። ጎደሊቭን የሚያንገበግባት ሌላ ነው፤ ያቺው ሄርሊንደ ጡረታ ስትወጣ ቤት የገዛችው እዚያው ቲልት፣ ከቤተ ክርስቲያኑ ጀርባ ነው። ዳቦ ቤት ስትገባ ባለቤቲቱ ከመደርደሪያው ዞራ ትስማታለች። ጎደሊቭን ግን «ምን ልስጥዎ፣ እመቤት?» ነው የምትላት። አንድ ሰው እንኳ «እርስዎ ያቺ የቴሌቪዥኗ አይደሉም?» ቢላት ምን ነበረበት።

የከተማው የማርሽ ባንድ በየዓመቱ እሑድ ከሰዓት የጥያቄና መልስ ውድድር ያዘጋጃል። ዘንድሮ ሄርሊንደ ሁለት ጠረጴዛ አልፋ ተቀምጣለች። ጎደሊቭ ስታያት ሰናፍጭ የነካውን አይብ ወደ ሳህኑ መለሰች።

የፎቶ ዙር ደረሰ። ከታዋቂ ሰዎች ፊት ዓይናቸው ብቻ ተቆርጦ በወረቀት ታደለ። ባሏ ዋርድ መነጽሩን አስተካከለ።

«ይቺን እንኳ አንቺ አታጪያትም። የቴሌቪዥን ሰው ትመስላለች።»

ጎደሊቭ ወረቀቱን ነጠቀችው።

«እሷ ናት፣ ማን ልትሆን! ይሄን ዓይን አየኸው? የሰው ነገር ካላየ እንቅልፍ የማይወስደው። ሄርሊንደ ብለህ ጻፍ።»

«እርግጠኛ ነሽ? ለእኔ ግን...»

«አንተ ሰውዬ፣ ዕድሜ ልኬን ያየሁት ዓይን ነው። ጻፍ አልኩህ።»

ዋርድ ጻፈ። ከጎደሊቭ ጋር የኖረ ሰው መቼ ዝም እንደሚባል ያውቃል።

መልሱን ያነበበው ያው ድሮ ወረፋ የማያስጠብቃት ባለሥጋ ቤት ነበር።

«የመጨረሻዋ የራሳችን ጎደሊቭ ናት፤ የጥንቱ ፎቶዋ። ያወቃት አንድ ጠረጴዛ ብቻ ነው።»

ሄርሊንደ እጇን አወጣች።

«እንዴት ይጠፋኛል?» አለች እየሳቀች። «ያን ወንበር ከወሰድኩባት ጀምሮ ባገኘችኝ ቁጥር እንዲህ ነው የምታየኝ።»

አዳራሹ በሳቅ ፈረሰ። ስንት ዓመት እንደተመኘችው፣ ሰው ሁሉ ዞሮ ጎደሊቭን አያት። እሷ ግን ዓይኗን የምታሳርፍበት አጣች።