ወደ እሪታ የሚሄድ ጉልበት

ወንድሞቼ፣ እህቶቼ፣ ጌታ ይባረክ! ያደረገልኝን ሳልናገር ብሞት አፈሩም አይቀበለኝም ብዬ ነው ዛሬ በፊታችሁ የቆምኩት። ቀኑን ግን እንዳትጠይቁኝ። ዓመቱንም ወሩንም በትክክል አላስታውሰውም። የማስታውሰው ገብሱ ተወቅቶ፣ ከሰዓት በኋላ ነፋስ ሲነሳ ጠብቀን እያዘራን እንደነበረ ነው።

ከጎባ በላይ ባለችው መንደራችን እኔ ያኔ ጌታን አላውቅም። የማውቀው ዱላዬንና አረቄዬን ነው። ታናሽ ወንድሜ በቀለ ግን ከነሚስቱ አምኖ ነበር። እሑድ እሑድ ወደ ቆርቆሮዋ ጸሎት ቤት ሲያልፉ ደጄ ላይ ቁጭ ብዬ፣ "በጭብጨባችሁ የጎተራ አይጥ እንኳን አታባርሩም!" እላቸዋለሁ። ሚስቱ ዞር ትልና፣ "ጋሼ፣ አይጡ እኮ የእርስዎን አረቄ ሸሽቶ ነው እኛ ጎተራ የገባው" ትለኛለች። ምላሷ እንደዚያ ነው። እስቃለሁ፤ ልቤ ግን አይሰማም።

ያን ቀን ከታች ሰፈር ጭስ ወጣ፤ እሪታ ተከተለ። የአገሬ ሰዎች ታውቃላችሁ፤ እኛ ዘንድ እሪ ሲባል ለምን ተብሎ አይጠየቅም። ሙስሊሙም ክርስቲያኑም ሥራውን ትቶ ወደ ድምፁ ይሮጣል። ያልሮጠ ሰው ሲሞት ቀባሪ የለውም። እኛም የምናዘራበትን መንሻ እንደያዝን ሮጥን። ለካ በአካባቢው የሚንቀሳቀሱ ታጣቂዎች ልማዳችንን ያውቃሉ! ቤቱን ያቃጠሉት እኛን ከየቤታችን ለማውጣት ኖሯል። ቀጭኗ መንገድ ላይ፣ ከጥዶቹ ኋላ ሆነው ጠበቁን።

በቀለ ከፊቴ ነበር፤ እሱ ወደቀ። እኔን ጉልበቴን በጥይት መቱኝ። ፊቱን በሻሽ የሸፈነ አንዱ በላያችን ቆመና፣ "ለጠላቶቻችን እህል አብልታችኋል። ከዛሬ ጀምሮ እሪ ሲባል ማንም እንዳይወጣ! የወጣ ይህንን ያገኛል!" አለ። ማን እንደላካቸው እስከ ዛሬ አላውቅም። እኛ ገበሬዎች ነን። መንገደኛ ሲርበው ይበላል፤ የማን ወገን ነህ ብለን ጠይቀን አናውቅም።

ሐኪም ቤት ተኛሁ። ከሌላ አገር የመጣ ልጅ እግር ሐኪም የራጁን ፊልም ወደ መስኮቱ አንስቶ አየና፣ "አባባ፣ አልዋሽዎትም። ይህ ጉልበት ከእንግዲህ አይታጠፍም" አለኝ።

"ወንድሜንስ ቀበሩት?" አልኩት። ትከሻዬን ነካ አድርጎ ሄደ።

ቤቴ ስመለስ የደረቀው ጉልበቴ ብቻ አልነበረም። ስንት ወንድ ያለበት መንደር በጠራራ ፀሐይ በሩን ዘግቶ ይቀመጣል። እኔም አንዱ ነኝ። የወንድሜ ሚስት በየቀኑ ገንፎ እያመጣች ትጸልይልኛለች። አንድ ቀን፣ "አምላክሽ በቀለን መቼ አዳነውና?" አልኳት። ክፉ አፍ! እያለቀሰች ሄደች። በማግስቱ ግን መጣች። ሃሌ ሉያ፣ በማግስቱም መጣች!

አንድ ቅዳሜ እሷ ቤቴ እያለች እሪታ ተሰማ። ያው ታች ሰፈር፣ ያችው መንገድ። በመስኮት ብናይ የዘይነባ ቤት ይጨሳል። ዘይነባ ብቻዋን የምትኖር ሙስሊም ጎረቤታችን ናት። የመንደሩ በር ሁሉ እንደተዘጋ ቀረ። የወንድሜ ሚስት ነጠላዋን ወገቧ ላይ አጥብቃ ተነሳች።

"ተቀመጪ!" አልኳት። "ወጥመድ ነው። አንድ ሬሳ አይበቃንም?"

"ጋሼ፣ ባሌ ወደ እሪታ ሲሮጥ ነው የሞተው። አሁን ብቀመጥ፣ ተሳስቶ ነው የሞተው ማለቴ ነው። እንደዚያስ አልልም!"

"ይገድሉሻል እኮ!"

"ይግደሉኛ። ጌታዬ የሚጮኽ ሰው ባለበት ነው ያለው፤ እዚያ ታች ነው። እርስዎ እዚህ ከማን ጋር እንደሚቀሩ እንጃ።" ብላኝ ወጣች።

ወገኖቼ፣ ብቻዬን ቀረሁ። መጸለይ አላውቅም። "የእሷ አምላክ ሆይ፣ ጉልበቴን ተወው፤ ፍርሃቴን ውሰድልኝ" አልኩ። ይኸው ነው፤ ሌላ ቃል አልጨመርኩም። ወሰደው! ክብር ለስሙ ይሁን፣ እሾህ እንደሚነቀል ነቀለው!

ምርኩዜን ይዤ ወጣሁ። ወንድሜ የወደቀበት ቦታ ስደርስ ቆምኩና ባለኝ ድምፅ ሁሉ እሪ አልኩ። "ውጡ! ሰው እየነደደ ነው! የሚገድሉን ከሆነ አንድ ላይ ይግደሉን!" መጀመሪያ አንድ በር ተከፈተ። ቀጥሎ ሌላ። ከዚያ ማን ይቆጥራል፤ ባልዲ የያዘው፣ ጀሪካን የያዘው፣ መንገዱ ሞላ።

ታጣቂ አልነበረም። እሳቱ ከምድጃ የተነሳ ነው። ቢኖሩም ግን እንወጣ ነበር፤ ይህንን እወቁልኝ። ስንደርስ የወንድሜ ሚስት ብቻዋን ውሃ ትረጫለች። ግማሹ ጣራ ነደደ፣ ዘይነባ ከነላሟ ተረፈች። ፊቷ ጥላሸት ለብሶ ምርኩዜን አየችና፣ "ወላሂ ኦቦ ግርማ፣ በሦስት እግር መጥተው ባለ ሁለቶቹን ቀደሟቸው!" አለችኝ። እያለቀስን ሳቅን።

በማግስቱ ያችው የሳቅኩባት ጸሎት ቤት ገብቼ ጌታን ተቀበልኩ።

አንዳንዱ፣ "ተፈወስኩ ትላለህ፤ ጉልበትህ መቼ ታጠፈ?" ይለኛል። እውነቱን ነው፤ ሐኪሙ አልተሳሳተም። ሊያንበረክኩኝ መጥተው የማይንበረከክ ጉልበት ሰጥተውኝ ሄዱ! ቆሜ እጸልያለሁ፤ ጌታ ቁመቴን ያውቀዋል። እነዚያም ሰዎች የሚሰሙ ከሆነ ይስሙ፦ እሪ ሲባል እንወጣለን። ነገም እንወጣለን። አንጠላችሁም፣ አንፈራችሁምም። እናንተም እሪ ያላችሁ ቀን እንመጣላችኋለን።

በርህን ዘግተህ የተቀመጥክ ወንድሜ፣ ልብሽ የራደ እህቴ፣ እመኑት። ረጅም ጸሎት አይፈልግም፤ የእኔን አጭር ጸሎት ሰምቷል። ተመስገን፣ ዛሬም ተመስገን!

ያን ቀን ከፊቴ የወጣችው የወንድሜ ሚስት እዚሁ ከሴቶቹ መካከል ተቀምጣለች። "ስሜን እንዳይጠሩ" ብላ ለምናኝ ነበር። እኔ ግን እጠራታለሁ። ጫልቱ ትባላለች።