የጥሩሐረግ ትከሻ

ጥሩሐረግ ይግዛው ሰቆጣ ውስጥ ስትጨፍር መንገዱ ይዘጋ ነበር። በ1988 ዓ.ም. በነሐሴው በዓል ልጃገረዶቹ ሻደይ የሚባለውን ለምለም ሣር ወገባቸው ላይ አስረው በየደጁ ሲጫወቱ፣ እንግዳው የሚባል የኪነት ቡድን ኃላፊ ከሰው መሀል ቆሞ አያት። ጨዋታው ሲያበቃ እስከ ቤቷ ተከትሏት ሄደ። ያኔ ዕድሜዋ አሥራ ሰባት ነበር።

አባቷ በሕይወት አልነበሩም። እናቷ ወይዘሮ ወለተጊዮርጊስ እንግዳውን በር ላይ አቁመው አዳመጡት።

«ጭፈራ እንጀራ ይሆናል?» አሉት።

«አዲስ አበባ ከዘለቀች ይሆናል፣ እማማ። እርስዎ ብቻ ይፍቀዱላት።»

ሦስት ቀን አስበውበት ወደ ቡድኑ እንድትገባ ፈቀዱ።

በዓመቱ ቡድኑ ለዝግጅት አዲስ አበባ ሄደ፤ ሲመለስ ጥሩሐረግ እዚያው ቀረች። የሙዚቃ ክሊፕ የሚሠሩ ሰዎች ሥራ ሰጥተዋት ነበር። ከዚያ በኋላ ስምንት ዓመት ሙሉ ከዘፋኝ ጀርባ ተወዛወዘች። ጠዋት የጎጃም፣ ከሰዓት የጉራጌ፣ በማግስቱ የወለጋ። የአገሯን፣ የዋግን ጨፍሪልን ያላት የለም። ታክሲ ውስጥ አንዳንዱ ትኩር ብሎ እያያት «የት ነው የማውቅሽ?» ይላታል። መጀመሪያ ላይ ታስረዳ ነበር። ኋላ ላይ «እንጃ» ማለት ለመደች።

በ1997 ፊልም ላይ ተጠራች። ደስ ብሏት ሄደች፤ ድርሻዋ ግን እንዳሰበችው አልነበረም። በታሪኩ ሙሽራዋ በገዛ ሰርጓ ትጨፍራለች፤ ዋናዋ ተዋናይ ደግሞ መጨፈር አትችልም። ስለዚህ ፊቱ የተዋናይዋ፣ ከአንገት በታች ያለው የጥሩሐረግ ሊሆን ነው።

«የየትኛውን አገር ልጨፍር?» ብላ አዘጋጁን ተስፋውን ጠየቀችው።

«የፈለግሽውን። ፊትሽ ብቻ ካሜራው ውስጥ እንዳይገባ።»

የአገሯን ጨፈረች። ወለሉ ሲሚንቶ ነበር። አንዴ መብራቱ ልክ አይደለም፣ አንዴ ቀሚሱ ተጣመመ፣ አንዴ አገጯ ታየ እየተባለ ከጠዋት እስከ አመሻሽ ደጋገሙት። ከምሳ በኋላ ቀኝ ጉልበቷ ቀጭ አለ። ለማንም አልተናገረችም። ሥራው ሲያልቅ ጎንበስ ብላ ጫማዋን ማሰር አቃታት።

ፊልሙ ሰቆጣ ሲደርስ ጎረቤታቸው የትናየት ወይዘሮ ወለተጊዮርጊስን ይዛ ቪዲዮ ቤት ገባች። ሰርጉ ላይ ሲደርስ እናትየው ከአግዳሚው ተነሥተው ወደ ቴሌቪዥኑ ተጠጉ።

«ፊቷ የሰው ነው፤ ትከሻው ግን የኔ ልጅ ነው» አሉ።

ከኋላ የተቀመጡት ሳቁ። የትናየት ይህን ለጥሩሐረግ በስልክ ነገረቻት።

«ስሜስ መጨረሻ ላይ አልተጻፈም?»

«እስኪያልቅ አየሁት፤ የለም።»

ጉልበቷ አልዳነም። ክሊፕ ሠሪዎቹ «ትንሽ ዕረፊ» አሏት፤ ከዚያ መደወል ተዉ። ሁለት ዓመት ያህል ፊልም ላይ አላፊ አግዳሚ እየሆነች ቆየችና በ2000 ዓ.ም. ሻንጣዋን ይዛ ወደ አገሯ ገባች። እናቷ መናኸሪያ ወጥተው ጠበቋት። አረማመዷን አዩና ሻንጣውን ተቀበሏት። ቤት ስትደርስ «ልተኛ» አለች። ሳምንት ሙሉ ከመኝታዋ የምትነሣው ለምግብ ብቻ ነበር።

ኋላ ላይ የከተማዋ ወጣቶች ውዝዋዜ እንድታስተምራቸው ጠየቋት። በሳምንት ሦስት ቀን ወንበር ላይ ተቀምጣ እያጨበጨበች ታሳያቸዋለች።

በቀጣዩ ዓመት አንድ ቀን ከሰዓት ተስፋው ደወለ። አዲስ ፊልም ጀምሯል፤ የሙሽራዋ አክስት የምትሆን ሴት ይፈልጋል።

«በዚህኛው ፊትሽ ይታያል፤ ንግግርም አለሽ» አላት።

መንገዱን አሰበችው። ሁለት ቀን አውቶቡስ፣ ቀኑን ሙሉ መብራት ሥር መቆም፣ እንደገና ሁለት ቀን አውቶቡስ።

«ደክሞኛል፣ ጋሽ ተስፋው። ሌላ ሰው ይፈልጉ።»

ስልኩን ስትዘጋ እናቷ «ማን ነው?» አሏት።

«የሥራ ሰዎች ናቸው» አለችና በሙቅ ውኃ የተነከረ ፎጣ ጉልበቷ ላይ ጠቅልላ ጋደም አለች።