ግዝት ያለበት ሜዳ

ሥራ የጀመርሁ ዕለት የማዘጋጃ ቤታችን የስፖርት ኃላፊ አቶ ፈንታሁን አንድ ቁልፍ ሰጡኝ። «ይታይሽ፣ ከዛሬ ጀምሮ የስታዲየሙ ጠባቂ አንቺ ነሽ» አሉኝ። ቁልፌን ይዤ ሜዳው ዘንድ ብደርስ በር የለም። በሩስ ይቅር፣ አጥርም የለም። ሁለት የድንጋይ ምሰሶ ቆሟል፤ በመካከላቸው የሰው ላም ተኝታ ታመሰኳለች። ተመልሼ «ጌታዬ፣ ይኼ የየትኛው በር ቁልፍ ነው?» ብላቸው «በሩ በሚመጣው ዓመት በጀት ይሠራል፤ እስከዚያ ቁልፉን እንዳትጥይው» አሉኝ። አልጣልሁትም። በክር አንገቴ ላይ አንጠልጥዬው ኖርሁ።

ከተማችን ከደብረ ማርቆስ ብዙም አትርቅም። ስታዲየም እንበለው እንጂ ያኔ ከብት የሚውልበት፣ በጥምቀት ፈረስ የሚጋለብበት መስክ ነበር። የጎሉ ቋሚ ባሕር ዛፍ ነው፤ ክረምቱ ያበሰብሰዋል፣ መስከረም ላይ ይቀየራል። በኋላ የብረት ቋሚ መጣ። ከዚያም የከተማው ሰው ድንጋይ አዋጥቶ በአንድ ወገን የመቀመጫ ደረጃ ሠራ። እንዲህ እንዲህ እያለ ነው ስታዲየም የሆነው።

የእኔ ሥራ ሣሩን በማጭድ ማጨድ ነው። ጨዋታ ሲኖር ችካል ተክዬ፣ ሲባጎ ወጥሬ፣ መስመሩን በኖራ አሰምራለሁ፤ መረብ እሰቅላለሁ፤ ከብት አባርራለሁ። ከብቱስ እሺ ይላል። ያስቸገረኝ ሰው ነው።

ሜዳውን ከማዕዘን እስከ ማዕዘን የሚያቋርጥ የእግር መንገድ ነበረበት። ገበያተኛው በዚያ ነው፣ ቤተ ክርስቲያን ሳሚው በዚያ ነው። ሣር የሚባል ዝር አይልበትም። ኳስ እዚያ ላይ ነጥራ ወዴት እንደምትሄድ አንድዬ ብቻ ነው የሚያውቀው። በረኛችን ጀማል «እትዬ ይታይሽ፣ እኔ እኮ ትራፊክ ፖሊስ ሆኛለሁ» እያለ ይስቅብኝ ነበር።

እሾህ አጠርሁበት፤ ለማገዶ ወሰዱት። ገመድ ወጠርሁ፤ ጥጃ አሰሩበት። ራሴ ቆሜ ስከለክል እማማ አጊቱ የሚባሉ የሰፈራችን ባልቴት ምርኩዛቸውን ተክለው «እኔ በዚህ ስመላለስ አንቺ አልተወለድሽም። ዙሪ ነው የምትይኝ? ጉልበቱን አንቺ ትሰጭኛለሽ?» አሉኝ። እውነታቸውን ነው።

አንድ ዓመት ቡድናችን ለክልሉ ውድድር አለፈ። ከተማው ጮቤ ረገጠ። አቶ ፈንታሁን ግን ፊታቸው ጠቁሮ መጡ።

«ገምጋሚዎች በመስከረም ሜዳውን ሊያዩ ይመጣሉ። ያ መንገድ ሣር ካልለበሰ ሜዳው አያልፍም። ልጆቹ በሜዳችን የሚጫወቱትን ሁሉ ሌላ ከተማ ሄደው ሊጫወቱ ነው» አሉኝ።

ስንት ዘመን የለፋሁበት ሜዳ፣ የእኛ ልጆች ሲጫወቱ ላያይ ነው? «ታዲያ ሰዉን ማን ይከልክለው?» አልሁ።

«ፖሊስ ላቁም?»

«ፖሊሱም በዚያው አይደል የሚያልፈው!»

የቀረኝ አንድ መንገድ ቄስ አምሳሉ ናቸው። የከተማውን እኩሌታ የንስሐ ልጅ ያደረጉ፣ ቃላቸው የሚከበር አባት ናቸው። ሄጄ መስቀል ተሳለምሁና «አባ፣ ሜዳውን ይገዝቱልኝ» አልኋቸው። በእኛ አገር ቄስ የገዘተውን ነገር፣ ቄሱ ራሱ መጥቶ እስኪፈታው ድረስ ማንም ደፍሮ አይነካውም።

ተቆጡ። «ግዝት ለሣር ይወጣል? ግዝት ጨዋታ መሰለሽ?»

«አባ፣ ልጆቹ ሜዳ አጥተው የት ሊውሉ ነው? ጠጅ ቤት እኮ በር አለው፤ በሩም ክፍት ነው።»

ጺማቸውን ዳሰሱና «በይ፣ እሑድ እመጣለሁ» አሉኝ። የእሑድ ቅዳሴ ካበቃ በኋላ ሕዝቡን ይዘው ሜዳው ዳር መጡና መስቀላቸውን አነሡ። «ከጠባቂዋ ከይታይሽ በቀር ይህን ሣር ማንም እንዳይረግጥ፣ በአፈ ጴጥሮስ በአፈ ጳውሎስ ገዝቻለሁ!» አሉ። ሕዝቡ እንደ አንድ ሰው ወደ ኋላ ሸሸት አለ።

ከዚያ ቀን ጀምሮ አንድ እግር አልዞረበትም። ልጆቹ ልምምዳቸውን ወደ ትምህርት ቤቱ ሜዳ አዛወሩ። እኔ ከወንዝ ዳር ሰርዶ እየነቀልሁ ተከልሁበት፤ ዝናብ እስኪጥል ውኃ እየተሸከምሁ አጠጣሁት። እማማ አጊቱ እንኳን ዙሪያውን ሲሄዱ አያቸዋለሁ፤ ምርኩዛቸውን እያወዛወዙ ይረግሙኛል፣ ግን ይዞራሉ። እንዲያርፉበት መንገዳቸው ላይ ጠፍጣፋ ድንጋይ አስቀመጥሁላቸው። ክረምቱ ሲወጣ ያ ራሰ በራ መንገድ ከሌላው ሜዳ ተመሳሰለ። ብቻዬን ቆሜ አለቀስሁ፤ ምን ይደረግ፣ ደስታ ነው።

ገምጋሚዎቹ በሚመጡበት ዕለት ገና ጎሕ ሲቀድ ኖራዬን አሰመርሁ፣ መረቡን ሰቀልሁ። የደምበጫ ቡድን ለወዳጅነት ጨዋታ ተጠርቷል። ደረጃው በሰው ሞልቷል። ገምጋሚዎቹ ከማዕዘኑ ጎንበስ ብለው ሣሩን በእጃቸው ዳብሰው ራሳቸውን ነቀነቁ። «መልካም ነው። አሁን ኳስ ስትንከባለልበት እንይ» አሉ።

ልጆቻችን ማልያቸውን ለብሰው እስከ ነጩ መስመር መጡና ቆሙ።

አቶ ፈንታሁን «ግቡ እንጂ!» ቢሉ አምበሉ ሙላት መሬት መሬት እያየ «ጋሼ፣ ግዝቱ አልተፈታም» አላቸው።

ወይ ጉድ! እኔ ስገባ ስወጣ የከረምሁ ሰው፣ ግዝት እንደሚፈታ አስቤውም አላውቅ። አቶ ፈንታሁንም፣ ሕዝቡም አላሰበው። የደምበጫ ልጆች ገብተው ሰውነታቸውን ሊያፍታቱ ሲሉ ነገሩን ሰምተው እንደ ምሰሶ ደርቀው ቀሩ።

ከደረጃው አንዱ «ጀማል ይግባ! እሱ እስላም ነው፣ አይዘውም!» ብሎ ጮኸ። ጀማል ጓንቱን አወለቀ። «የጎረቤቶቼን የንስሐ አባት ቃል ረግጬ ጎል አልጠብቅም» አለ። እኔ ያን ልጅ ከዚያ ቀን በኋላ እንደ ወለድሁት ነው የማየው።

ከገምጋሚዎቹ ትልቁ «ሠላሳ ደቂቃ እንጠብቃለን፤ ጨዋታ ካላየን ማለፉን አንጽፍም» አለ። የቄስ አምሳሉ ስልክ አይሠራም። በደጀን መንገድ ወዳለች የገጠር ደብር ለተዝካር ሄደዋል። ባጃጅ ላክን። እኔ የእማማ አጊቱ ድንጋይ ላይ ተቀመጥሁ። እማማም መጥተው አጠገቤ ተቀመጡ። «አይዞሽ ልጄ። እኔን አሳልፎ ያላስገባ ግዝት፣ ዛሬ እነሱን ቢያስጠብቅ ፍርድ ነው» አሉኝ። በጭንቀቴ መሐል ሳቄ መጣ።

ገምጋሚው ሰዓቱን ደጋግሞ ማየት ሲጀምር ባጃጇ በሁለቱ ምሰሶ መካከል ብቅ አለች። ቄስ አምሳሉ ጥላቸውን ይዘው ወረዱ። ሕዝቡ ተነሥቶ «ይፍቱን አባ!» አለ።

«ምነው ዘገያችሁ? መቼ ይጠሩኝ ይሆን እያልሁ ስጠብቅ ነበር» አሉ። መስቀላቸውን አነሡ። «ለኳስ ፈትቻለሁ፤ እግዚአብሔር ይፍታችሁ! ለአቋራጭ ግን አልፈታሁም!»

እልልታው ቀለጠ። ልጆቹ እየሮጡ ገቡ። ደምበጫ አሸነፈን፤ ማን ጉዳዬ ብሎ! ኳሷ ያንን የድሮ መንገድ አቋርጣ ቀጥ ብላ ስትንከባለል አየኋት፤ ለእኔ በቂዬ ነው።

ትልቁ ገምጋሚ ሲሄድ «ሜዳው አልፏል። ግን አጥርም በርም ሳይኖር ይህን ሁሉ ሰው እንዴት ከለከላችሁ?» አለኝ። ከአንገቴ ቁልፉን አውጥቼ «ቁልፉማ አለ» አልሁት። እሱ ሳቀ፤ አቶ ፈንታሁን አቀረቀሩ።

ዛሬ ስታዲየሙ የግንብ አጥር አለው። የብረት በርም ገብቶለታል፤ የራሱን ቁልፍ ይዞ መጣ፣ የእኔው አልገጠመም። ጡረታ ስወጣ ሁለቱንም ለተተኪዬ ሰጠኋት። እሑድ እሑድ ደረጃው ላይ ተቀምጬ ልጆቹን አያለሁ። ያ መንገድ የት እንደነበር አሁን ከእኔና ከእማማ አጊቱ በቀር የሚያሳይ የለም።

ሜዳ ለምትጠብቁ ሁሉ የምለው ይኼው ነው፦ ሰው ስትከለክሉ፣ የምትፈቅዱበትን ቀን አብራችሁ ንገሩ።