የእትዬ ሜትር ሪሞት

እትዬ ሜትር ልብስ ሰፊ ናቸው። ሜትሩ ከአንገታቸው ስለማይወርድ ስሙ ወጣላቸው፤ ሕንፃው ውስጥ በሌላ ስም የሚጠራቸው የለም። የሚኖሩት ከእኔ ሱቅ በላይ፣ ሁለተኛው ፎቅ ላይ ነው፤ አንድ ክፍል፣ ጠባብ ኮሪደር፣ ወጥ ቤትና መታጠቢያ። የልብስ ስፌት መኪናቸው መስኮቱ ሥር ናት። ድሮ የትምህርት ቤት ዩኒፎርም በገፍ ይሰፉ ነበር፤ አሁን ቁልፍ መትከል፣ ዚፕ መቀየርና ሱሪ ማሳጠር እንጂ አዲስ ሥራ አይቀበሉም። ሱሪ ይዞ የሄደ ሰው ታዲያ ሳይነካካ አይመለስም። ወገቡን በሜትር ይይዙና "ሰፋህ እኮ፤ ተመችቶሃል ማለት ነው፤ እኛን ግን ዘወር ብለህም አታይ" ይሉታል። ሰውየውም እየሳቀ ደረጃውን ይወርዳል።

እኔ የመብራት ዕቃ እሸጣለሁ፤ የገዛውን መግጠም ያቃተው ሰው ቤትም ሄጄ እገጥማለሁ። ትዕግሥት ሲታደል እኔ አልነበርኩም። ደንበኛ የመደርደሪያውን አምፖል ሁሉ አስወርዶ አስወርዶ "ዞር ብዬ ልምጣ" ሲለኝ ደሜ ይፈላል። እትዬ ሜትር "አምፖሌ" ነው የሚሉኝ። ቶሎ ትግያለሽ ለማለት ነው። ሌላ ሰው ቢለኝ እጣላው ነበር፤ እሳቸው ሲሉኝ ግን ደስ ይለኛል።

ዝናቡ ሲጀምር ከታችኛው ደረጃ ሸርተት ብለው የእጃቸው አንጓ ወለም አለ። ፋሻው ከእጃቸው ሳይወርድ አንድ ቀን ወደ ሱቄ መጡና ባንኮኒውን ተደግፈው ቆሙ።

"አምፖሌ፣ ያቺ ጥብጣብ የመሰለችው መብራት አለችሽ? ፀጉር አስተካካዩ መስታወቱ ዙሪያ ያደረጋት።"

"ስትሪፕ ነው የምንለው። ምን ሊያደርግልዎ ነው? ጭፈራ ቤት ሊከፍቱ ነው እንዴ?"

አልሳቁም። "ልጄ ልትወስደኝ ነው" አሉ።

ሌላ ከተማ የምትሠራ አንዲት ልጅ አለቻቸው። መውደቃቸውን እንደሰማች ደውላ "በቃ፣ ካሁን በኋላ እኔ ጋ ነው የምትኖሪው" አለቻቸው። እሳቸው ደግሞ "ዓይኔን ሲመሽ ብቻ ነው የሚያስቸግረኝ፤ ቤቱን መብራት በመብራት አደርገዋለሁ" ብለው ተከራከሩ። በመጨረሻ ተስማሙ። ቅዳሜ አመሻሽ ላይ ልጅቷ መጥታ ታያቸዋለች፤ ቤቱ ውስጥ ደህና ከተንቀሳቀሱ ይቀራሉ፣ ካልሆነ ዕቃቸውን ጠቅልለው አብረው ይሄዳሉ።

ጥቅልሉን አውርጄ ሰጠኋቸው። በጣታቸው ሳብ ሳብ እያደረጉ በክንዳቸው ለኩት። "ከየት ከየት ነው የሚቆረጠው?" አሉኝ።

"በዘፈቀደ አይቆረጥም። ምልክት አለው፤ ከምልክቱ ውጪ ከቆረጡት ቁራጩ አይበራም።"

"እንደ ሽንሽን ቀሚስ ነዋ። መሀል ሽንሽኑ ላይ መቀስ ካሳረፍሽበት አለቀለት" አሉና ምልክቷን በጥፍራቸው ፈልገው አገኟት። ይሄንን ያህል ጊዜ ስሸጠው አንድም ሰው እንደሳቸው የገባው አልነበረም።

በማግስቱ ከሰዓት ሱቁን ለወንድሜ ትቼ ወጣሁ። ግድግዳውን በአልኮል እየወለወልኩ፣ የጀርባውን ማጣበቂያ እየላጥኩ፣ ከአልጋቸው ጀምሬ በግድግዳው ግርጌ እስከ ኮሪደሩ፣ ከኮሪደሩ እስከ ወጥ ቤቱና እስከ መታጠቢያው በር ዘረጋሁት። የሪሞቱን ትእዛዝ የምትቀበለዋን ሴንሰር አልጋው ራስጌ ላይ ለጠፍኳት፤ ማነጣጠር እንዳያስፈልጋቸው ብዬ ነው። እሳቸው መኪናቸው ላይ ተቀምጠው የሰው ሸሚዝ ላይ ቁልፍ እየተከሉ ያጫውቱኛል። ወገቤ ተቆረጠ፣ ጉልበቴ ደነዘዘ፤ የስትሪፕ ፈጣሪ ተንበርክኮ የሚያውቅ ሰው አይመስለኝም።

ስጨርስ ሶኬቱን ሰካሁና ሪሞቱን አምጥቼ እጃቸው ላይ አስቀመጥኩ። ስስ ነው፤ መታወቂያ ካርድ ያህላል። ቁልፎቹ አራት አራት ሆነው ተደርድረዋል። "ከላይ በስተቀኝ የመጨረሻዋ ማብሪያ ናት። በሉ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ እርስዎ ያብሩት" አልኳቸው።

በአውራ ጣታቸው ፈልገው አገኟትና ተጫኗት። ሰማዩ ደመና ስለነበረ ክፍሉ ደብዘዝ ብሏል። ምንም አልበራም። ያከፋፈለኝን ነጋዴ ልረግም አፌን ስከፍት እትዬ ሜትር ፈገግ አሉ።

"በራ! እሰይ አምፖሌ፣ እጅሽ ይባረክ። ቤቱ ወገግ አለ እኮ" አሉና ብድግ ብለው ሄዱ። አልጋውን ዞሩ፣ ኮሪደሩን አለፉ፣ ወጥ ቤቱ በር ላይ ደረሱ። አንዴም አልተደናቀፉም።

መጀመሪያ ሲቀልዱብኝ መሰለኝ። ቀጥሎ መኪናዋ ላይ ትተውት የሄዱትን ሪሞት አየሁት። ፋብሪካው ባትሪው እንዳይደክም የሚሰካት ስስ ላስቲክ አለች፤ ዕቃው ሲከፈት ተስባ ትወጣለች። እኔ ነኝ የረሳኋት፤ ጫፏ አሁንም ከሪሞቱ ግርጌ ብቅ ብሏል። ክው ብዬ ቀረሁ።

"እትዬ ሜትር፣ አልበራም እኮ።"

ጀርባቸውን እንደሰጡኝ ቆሙ። "አልበራም?"

"አልበራም።"

ቀስ ብለው ተመልሰው መኪናዋ አጠገብ ተቀመጡ። "እንግዲህ ያዝሽኝ" አሉ።

"ከመቼ ጀምሮ ነው?"

"መጀመሪያ ዳር ዳሩ ሄደ። ከዚያ መሀሉም ተከተለ። ሐኪሙ ዘግይተሻል፣ አይመለስም አለኝ። ካለፈው ዓመት ወዲህ ቀንና ማታ አንድ ነው።"

ለካ ደረጃ ላይ ያገኙትን ሁሉ "እስቲ ይቺ መርፌ ላይ ክር አስገባልኝ" የሚሉት፣ ደንበኛውን "ክሩን ራስህ ምረጥ፣ ኋላ እንዳትነጫነጭብኝ" የሚሉት ለዚህ ነው። ሲያዝን የሚናደድ ሰው አለ፤ እኔ እንደዚያ ነኝ።

"ታዲያ ስንበረከክ የዋልኩት ለምንድነው? ይሄ ሁሉ መብራት ለማን ነው?" አልኳቸው።

"ለልጄ ነዋ። እሷ ዓይን አላት።"

የተረፈውን ጥቅልል ወለሉ ላይ ወረወርኩት።

"ቁጭ በይ" አሉኝ። "ይህን ቤት እኔ በእግሬም በእጄም አውቀዋለሁ። መርፌ ብትወድቅብኝ የት እንደወደቀች ድምፅዋ ይነግረኛል። እዚህ ዕውር አይደለሁም አምፖሌ። ዕውር የምሆነው ወስደው የማላውቀው ግድግዳ መሀል ሲያስቀምጡኝ ነው። ጥግ ይዤ ሌላ ሰው እስኪመራኝ የምጠብቅ እዚያ ነኝ።"

"ቢወድቁስ? ልጅዎ ነገ መጥታ ብታንቀኝ ምን እላታለሁ?"

"የወደቅሁት ደረጃ ላይ ነው፤ የዚያን ቀን የውሃ አመላላሹም ወድቋል። እሱን ግን ማን ወሰደው?"

ሳቄ አመለጠኝ። ልቤ ባያምንበትም እሺ አልኳቸው፤ ምን ላድርግ፣ አንጀቴን በሉት። ላስቲኳን ስቤ አወጣሁና እንደ አዲስ ጀመርን። ለሪሞቱ ከሱሪ ኪስ ጨርቅ ልባስ ሰፉለት፤ እኔ ቦታውን እያሳየሁ እሳቸው ቀዳዳ አወጡለት፤ የላይኛዋ ማብሪያ፣ ከጎኗ ማጥፊያ፣ ከማብሪያዋ ሥር ነጭ፤ እሷም ጠፍቶ ከሆነ ታበራዋለች። "ከነጯ በታች ያለችው የምታጨፍረው ናት፤ ቀይ፣ አረንጓዴ፣ ሰማያዊ እያለች ታብለጨልጫለች። እሷን ጨርቁ ይሸፍናታል፣ አይድረሱባት" አልኳቸው። ያን ቀን እስኪሰለቸኝ ተለማመድን። እሳቸው ይጫናሉ፣ እኔ "በራ"፣ "ጠፋ"፣ "ነጭ" እላለሁ። አንድም ጊዜ አልተሳሳቱም።

ቅዳሜ ልጅቷ ጎማ ያለው ትልቅ ባዶ ሻንጣ እየጎተተች መጣች። ክፉ ልጅ ትሆናለች ብዬ ልጠላት ተዘጋጅቼ ነበር፤ ፊቷን ሳይ ግን አልቻልኩም። እንቅልፍ ካየች የሰነበተች ትመስላለች። ሻንጣውን መሀል ቤት አቁማ እናቷን አቅፋ ቆየች። "እንዴት ከስተሻል እማዬ" አለቻቸው።

እትዬ ሜትር የክት ቀሚሳቸውን ተኩሰው ለብሰዋል። ሪሞቱንም አዲስ ልባስ አልብሰውታል፤ የኪስ ጨርቁ ለእንግዳ አይሆንም ብለው ከተራረፈ ከፈይ ሰፍተውለታል። ያምር ነበር። እንዴት እንደሚያምር ሳደንቅ ልሞክረው የሚል ሐሳብ አልመጣልኝም።

ደንገዝገዝ ሲል ልጅቷ መስኮቱ ጋ ቆመች። "በይ እማዬ፣ ከአልጋሽ እስከ ወጥ ቤት ሂጂልኝ" አለች። ድምፅዋ የምትፈራ ሰው ድምፅ ነበር።

እትዬ ሜትር የላይኛዋን ቀዳዳ ተጫኑ። ስትሪፑ ከዳር እስከ ዳር ቦግ አለ፤ ነጭ። ተመስገን አልኩ። ቀጥለው፣ እንዳስተማርኳቸው፣ የታችኛዋን ተጫኑ። ቤቱ ማበድ ጀመረ። ቀይ፣ አረንጓዴ፣ ሰማያዊ፣ እንደገና ቀይ። ዓይን ያጥበረብራል።

እትዬ ሜትር ቀጥ ብለው ተነሱ። "እንዴት ያለ ረጋ ያለ ብርሃን ነው" እያሉ በዚያ ሁሉ ብልጭልጭታ መሀል ተራመዱ። ሻንጣው ሲቀመጥ ሰምተውታልና ዞር ብለው አለፉት። "ነጭ ነገር መቼም ያምራል፤ ቤቱንም ሰፋ ያደርገዋል።"

ልጅቷ አንዴ መብራቱን፣ አንዴ እናቷን፣ አንዴ እኔን አየች። ከዚያ አፏን በእጇ ያዘች። ገብቷታል።

እትዬ ሜትር ወጥ ቤቱ በር ላይ ደርሰው ዞሩ። "ነጭ ነው አይደል?"

"አዎ እማዬ" አለች ልጅቷ። "ነጭ ነው።"

እናትየው ጆሯቸውን ወደ እሷ አዘነበሉ። "ድምፅሽ ምን ሆነ?"

ልጅቷ እንደገና አፏን በእጇ ያዘች።

"ነጭ አይደለም አይደል?"

"አይደለም እማዬ። እያጨፈረ ነው።"

እትዬ ሜትር ሪሞቱን ወደ ደረታቸው አስጠጉና ልባሱን ከላይ እስከ ታች ዳሰሱት። ግርጌው ላይ ጣታቸው ቆመ። "የስፌቱን ትርፍ አልቆጠርኩትም" አሉ በቀስታ። "ወደ ውስጥ ያጠፍኩት ጨርቅ ሪሞቱን ከሥር ከፍ አድርጎታል። ቀዳዳዎቹ አንድ አንድ መስመር ወደ ታች ወረዱብኝ፤ ማብሪያ ያልኳት ነጯ፣ ነጭ ያልኳት ደግሞ የምታጨፍረዋ ሆናለች። ይሄን ዘመን ሁሉ ሰፍቼ፣ ይሄን ስህተት ጀማሪ እንኳ አይሠራውም።" ከሁሉም በላይ ያቃጠላቸው ስፌቱ ነበር። ከዚያ ግን ሻንጣው ወዳለበት ፊታቸውን መለሱ።

ልጅቷ ጎንበስ ብላ ሶኬቱን ነቀለችው። ውጪው መሽቶ ኖሯል፤ ቤቱ ድርግም አለ። እኔ የት እንደቆምኩ እንኳ ጠፋኝ፤ ግድግዳውን ፈልጌ ያዝኩ።

"እማዬ" አለች ልጅቷ በጨለማው ውስጥ። "ጠምቶኛል።"

እርምጃቸው ወደ ወጥ ቤት ሲገባ ሰማን። ቁምሳጥኑ ተከፈተ፣ ተዘጋ። ውሃው ሲቀዳ ድምፁ እየቀጠነ እየቀጠነ ሄደና ልክ የብርጭቆው አፍ ላይ ሊደርስ ሲል ቆመ። ተመለሱ። አጠገቤ ሲደርሱ "እግርሽን ሰብሰብ አድርጊ" አሉኝ፤ ሰበሰብኩ። ልጃቸው ጋ ደርሰው ብርጭቆውን እጇ ላይ አስያዟት።

"ሞልቷል፣ ቀስ ብለሽ ያዢው።"

ልጅቷ ጠጣች። ስትውጥ ይሰማል። እስከ መጨረሻው ጨረሰችው። ብርጭቆውን የምታስቀምጥበት ስትፈልግ ከሻንጣዋ ጋር ተላተመችና ጮክ ብላ "ውይ!" አለች። እናቷ እጇን ይዘው ወደ አልጋው ወሰዷት፤ ጎን ለጎን ተቀመጡ።

"እሺ እማዬ" አለች ልጅቷ። "እዚሁ ኑሪ። ግን ሁለተኛ እንዳትዋሺኝ።"

"አንቺም" አሉ እናትየው።

እኔ ግድግዳውን እንደተደገፍኩ እንባዬ ዱብ ዱብ ይላል። በዚያ ጨለማ ማን ያየኛል ብዬ ዝም ብዬ አለቀስኩ።

"አምፖሌ" አሉ እትዬ ሜትር ከአልጋው ላይ፣ "አፍንጫሽን ጥረጊ።"