ሕልም የሚጠናበት ክፍል

በትውልድ ከተማዬ በገረሴ ስምንተኛ ክፍል እንደጨረስኩ እናቴ «ለታላቅ እህቴ እጅ ሁኚላት» ብላ አርባ ምንጭ ላከችኝ። አክስቴ ላይኛው ሰፈር፣ ሴቻ ነው የምትኖረው። ባሏ ከሞተ በኋላ ግቢዋ ሰፍቷት ነበር። ጓሮው ካለው ማንጎ ሥር ሲቆሙ ጫሞ ሐይቅ ቁልጭ ብሎ ይታያል፤ አክስቴ ግን ወደዚያ የምትመለከተው ዝናብ እየመጣ መሆኑን ለማወቅ ብቻ ነው።

ከዋናው ቤት ጎን ያለችውን ባዶ ክፍል ጡረታ የወጡ የታሪክ መምህር ተከራዩ። ሊኖሩባት መስሎን ነበር። በሳምንቱ ግን ቆርቆሮ ላይ የተጻፈ ሰሌዳ ተሸክመው መጡና በሩ ላይ ቸነከሩት፦ «የሕልም፣ የጊዜና የተከለከለ ዕውቀት ጥናት አካዳሚ»።

አካዳሚው ሦስት ሰው ነው። አንዱ መምህሩ ራሳቸው ናቸው። ሁለተኛው ከጫሞ ዓሣ እያመጣ ለሆቴሎች የሚያከፋፍል፣ ሲስቅ ወንበር የሚያናጋ ወፍራም ሰውዬ ነው። ሦስተኛው ታችኛው ሰፈር፣ ሲቀላ ውስጥ የጅምላ ሱቅ ያላቸው ሐጂ ናቸው። ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ይሰበሰባሉ። እኔ ዝንጅብል የገባበት ሻይ አፈላላቸዋለሁ፤ ሻዩን አስቀምጬም በሩ አጠገብ ብርጭቆ የምጠብቅ መስዬ እቆማለሁ።

ሰው ፊት መናገር አይሆንልኝም። አንገቴ ይግላል፤ ያሰብኩት ቃል ይጠፋብኛል። ገበያ ስሄድ እንኳ የምፈልገውን በጣቴ አሳይቼ ነው የምገዛው። መስማት ግን እወዳለሁ፤ የነሱን ወሬ የመሰለ ደግሞ ሰምቼ አላውቅም።

አንድ ቅዳሜ ሐጂ፣ አዞ ሱቃቸው በር ላይ ተሰልፎ ስኳር ሲጠብቅ በሕልማቸው ማየታቸውን ተናገሩ።

«ሰጡት?» አለ ዓሣ ነጋዴው።

«ወረፋው ሳይደርሰው ነቃሁ።»

«ምስኪን! እስካሁን ቆሞ ይሆናል።»

የጊዜ ጥናት የሚሉት ደግሞ እንዲህ ነው። ዓሣ ነጋዴው «መረቡ ባዶ ሲሆን ሰዓቱ ለምን ይጎተታል?» ብሎ ይጠይቃል፤ እስኪመሽ በዚያ ይከራከራሉ። ቅዳሜ ባይኖር ሳምንቱ ለእኔ ድስትና መጥረጊያ ብቻ ነበር።

መምህሩ አንድ ጥብቅ ደንብ ነበራቸው። ሕልም ሲነገር አባል የሆነ ሰው እስከ መጨረሻው ቃል አይተነፍስም። ምክንያቱ ዓሣ ነጋዴው ነው። መጀመሪያ ሰሞን በየመሐሉ «መልካም ይሁን! መልካም ይሁን!» እያለ ስለሚመርቅ፣ ተናጋሪው ሳይታወቀው ሕልሙን ማሳመር ይጀምር ነበር። መምህሩ «የተመረቀ ሕልም አይጠናም» አሉና ምርቃቱን ከለከሉ።

ታዲያ አንድ እሑድ ጎረቤታችን ከቤተ ክርስቲያን ሲመለሱ ሰሌዳውን ቆመው አነበቡ። ከዚያም አክስቴን አጥር ላይ ጠርተው «የተከለከለ የሚሉት ምኑን ነው? ድግምት እንዳይሆን!» አሏት። አክስቴ ያን ቀን ምሳ እንኳ በወጉ አልበላችም። ማታ መምህሩን አስጠርታ ቁርጡን ነገረቻቸው።

«የፊታችን ቅዳሜ እኔም ሕልሜን ይዤ እገባለሁ። የምትሠሩትን በዓይኔ አያለሁ። ካላማረኝ ሰሌዳዎን ነቅለው ይሂዱልኝ፤ ክፍሉን ሽንኩርት አስቀምጥበታለሁ።»

ያን ሳምንት በዚያች በር ባለፍኩ ቁጥር ሽንኩርቱ ይታየኝ ነበር።

ቅዳሜ አክስቴ አዲሱን ነጠላዋን ለብሳ ገባች። ከሁሉ የተሻለውን ወንበር ሰጧት። እኔ ሻዩን ይዤ በሩ ላይ ቆምኩ። አክስቴ ጉሮሮዋን ጠረገች።

«ሕልም አየሁ» አለችና ዝም አለች።

እኛ ዘንድ ሕልም አየሁ ያለ ሰው ምን እንደሚጠብቅ የማያውቅ የለም። ሰሚው «መልካም ይሁን» ሳይለው አይቀጥልም። ያልተመረቀ ሕልም ከአፍ አይወጣም። ሦስቱም ግን ደንባቸውን ይዘው ተቀምጠዋል። መምህሩ አሳቧን እየሰበሰበች መስሏቸው፣ ቀና ብለው በአክብሮት ይጠብቃሉ። ሐጂ የሚቆጥሩት ሙስበሃ ጣታቸው ላይ ቆሟል። ዓሣ ነጋዴው ከንፈሩን ነክሶ ላቡ በጆሮው ሥር ይወርዳል።

«ሕልም አየሁ አልኩ እኮ!»

ዝም።

የአክስቴ ፊት ተለዋወጠ። «መልካም የማይመኝልኝን ሰው ነው ለካ ቤቴ ያስቀመጥኩት» አለችና ነጠላዋን ሰብስባ ተነሣች።

ሦስቱም ደንብ ይዟቸዋል። እኔን ግን ምንም አልያዘኝም፤ አባል አይደለሁም፣ ሻይ አቅራቢ ነኝ። ይህን ያሰብኩት ግን በኋላ ነው። በዚያች ሰዓት የታየኝ የአክስቴ እግር ወደ በሩ ሲመጣ ብቻ ነው።

«መልካም ይሁን!»

ድምፄ እንዴት እንደወጣ አላውቅም። ትሪው ላይ ያሉት ብርጭቆዎች ተንጫጩ፤ የጎረቤት ውሻ ጮኸ። አክስቴ ባለችበት ቆማ አየችኝ።

«አንቺ ነሽ?»

«እኔ ነኝ።»

«ድምፅ አለሽ እንዴ!»

ይሄኔ ዓሣ ነጋዴው ብድግ አለ። «መልካም ይሁን እማማ! መልካም ይሁን! ልፈነዳ ነበር!»

«ደንቡ…» አሉ መምህሩ።

«ደንቡን ይተዉት መምህር» አሉ ሐጂ። «ቤቱ ሊሄድ ነው። መልካም ይሁንልዎ እማማ!»

መምህሩ ሁላችንንም በተራ አዩን። ከዚያ ሳቃቸው አሸነፋቸውና «መልካም ይሁን» አሉ፤ እሳቸውም።

አክስቴ ተመልሳ ተቀመጠች። ሟች ባሏን በጫሞ ላይ አይታዋለች። የሠርጉን ኮት ለብሶ፣ ጀልባውን ሙዝ ሞልቶ፣ ጉማሬ ከኋላ እየገፋለት መጣ። ዳር ሲደርስ ወደ ጆሮዋ ጠጋ አለ።

«ከዚያ አንድ ነገር ነገረኝ። ‹ለማንም እንዳትናገሪ› አለኝ።»

«ምን አሉዎት?» አሉ ሦስቱም ባንድ አፍ።

«እንዳትናገሪ ብሎኛል አልኳችሁ እኮ።»

መምህሩ ከወንበራቸው ተነሡ። «እማማ፣ ይሄ ነው! የተከለከለ ዕውቀት ማለት ይሄው ነው!»

«ጫፏን ብቻ» አለ ዓሣ ነጋዴው።

አክስቴ ሻይዋን አነሣች፤ አልቸኮለችም። «ጥናታችሁ ይህ ከሆነ ኃጢአት አላየሁበትም። ተቀመጡ። ሲፈቀድልኝ እነግራችኋለሁ።»

ምርቃቱም ተፈቀደ፤ መጀመሪያ ላይ ብቻ፣ አንድ ጊዜ ብቻ። ለእኔም ወንበር ተጨመረልኝ። አክስቴ ከዚያ ወዲህ አንድ ቅዳሜ ቀርታ አታውቅም። ዓሣ ነጋዴው ልቧን ሊያራራ ነጭ ዓሣ እያጸዳ ያመጣላታል።

ሕልሟን የተናገረች ቀን ማታ ብርጭቆ ሳጥብ፣ አፌ አንዴ ተከፍቷልና ጠየቅኳት።

«አክስቴ፣ ምን አለሽ?»

ወደ በሩ አየት አድርጋ ድምፅዋን ዝቅ አደረገች። «ምን ይለኛል! አፉን ሲከፍት ነቃሁ።»

«ታዲያ ለምን…»

«ዝም በይ። ካወቁ ይሄዱብናል።»

ዛሬ ሁሉም ያውቃሉ። በፋሲካ ማግስት ለሐጂ ዓሣ፣ ለሌሎቹ ዶሮ አቅርባ ራሷ ነገረቻቸው። መምህሩና ሐጂ እስኪያለቅሱ ሳቁ። ዓሣ ነጋዴው ግን እስካሁን አላመናትም። «ደብቀውን ነው» ይላል፤ ዓሣውንም ማምጣት አላቆመም።