የአባቴ መቋሚያና ያልጸደቀው ቅጥሬ

አባቴ የሰው ሀብት ኃላፊውን በመቋሚያ የመቱት ፍርድ ቤቱ ደጃፍ ላይ ነው። የመጀመሪያው ምት ትከሻው ላይ አረፈ፤ ሁለተኛው ግንባሩን ተረተረው። ደሙ ወርዶ ነጭ ሸሚዙን ሲያጥበው ሳይ፣ እውነቱን ልናገር፣ አንጀቴ ቅቤ ጠጣ። ሦስተኛውን ሲሰነዝሩ የበሩ ጥበቃ «በሕግ አምላክ!» ብሎ ጮኸ። የአባቴ ክንድ አየር ላይ ቀጥ አለ። በዚህ ቃል የማይቆም ሰው በአገራችን ሰው አይባልም።

«የሕግ አምላክ እስካሁን የት ሰንብቶ ነው?» አሉት እያለከለኩ።

አባቴ ሐይቁ መሐል ባለችው በደቅ ደሴት የድጓ መምህር ናቸው። ተማሪ ሲገርፉ አውቃለሁ፤ እኔንም ገርፈውኛል። ትልቅ ሰው ሲመቱ ያየሁት ግን ያን ቀን ብቻ ነው። እዚያ ያደረሳቸው የእኔ ጉዳይ ነበር።

ዘንዘልማ ባለ አንድ ትምህርት ቤት ለሒሳብ መምህርነት ተወዳድሬ አለፍሁ። የትምህርት ጽሕፈት ቤቱ የሰው ሀብት ኃላፊ «ቅጥርሽ እስኪጸድቅ ማስተማር ጀምሪ» አለኝና ጀመርሁ። የሚያጸድቀው ደግሞ ራሱ ነው። በሄድሁ ቁጥር «በሂደት ላይ ነው» ይለኛል። በሬ ካራጁ ይውላል እንዲሉ፣ እኔም እጅ እየነሳሁ ስመላለስ የትምህርት ዘመኑ ሊያልቅ ደረሰ።

አንድ ቀን በትምህርት ሰዓት ከግቢው አጥር ጀርባ ተኩስ ተከፈተ። ተማሪዎቼን ወለሉ ላይ አስተኝቼ አጠገባቸው ተጋደምሁ። መስኮቱ ረገፈና ስባሪው ክንዴን ቀደደው። በማግሥቱ ክንዴን በፋሻ ጠቅልዬ ቢሮው ገባሁ። ቀና ብሎም አላየኝ። «በሂደት ላይ ነው» አለ። ጠረጴዛውን ገልብጬ በላዩ ላይ ብጥለው ደስ ባለኝ! በምትኩ መሥሪያ ቤቱን ከሰስሁ።

ችሎት ላይ መሥሪያ ቤቱን ወክሎ የቀረበው እሱው ነበር። «ቅጥሯ ስላልጸደቀ ሠራተኛችን አይደለችም። ሠራተኛ ካልሆነች ደግሞ እዚህ ልትከሰን አትችልም» አለ፣ ፊቱ ሳይቀላ። ያዘገየው እሱ፣ በመዘግየቱ የሚከራከረውም እሱ! ዳኛዋ መነጽራቸውን አውልቀው «ታዲያ ዓመቱን ሙሉ ያስተማረችው ማን ናት?» ሲሉ ጠየቁትና፣ ርእሰ መምህሩ ቀርበው እንዲመሰክሩ ቀጠሮ ሰጡ። እንደማሸንፍ ያን ጊዜ አወቅሁ። እሱም ሳያውቅ አልቀረም።

ስንወጣ ኃላፊው፣ ችሎቱን ሊከታተሉ ከደሴቱ የመጡት አባቴ አጠገብ ሲደርስ ሳቅ አለና «ልጅዎ እኮ ከመንገድ ገብታ ነው ያስተማረች» አላቸው። መቋሚያው የተነሳው ያኔ ነው።

አባቴ ታሰሩ፤ የሱም ግንባር ተሰፋ። አባቴ በዋስ ከወጡ በኋላ ሽማግሌ ገባበትና ለዕርቅ ሐይቁ ዳር ካለ ቤተ ክርስቲያን ቅጥር፣ ዋርካ ሥር ተሰበሰብን። በእኛ ዘንድ ደም ያፈሰሰ ሰው ድንጋይ ተሸክሞ ከተበዳዩ ፊት ይንበረከካል። ድንጋዩን የሚያወርድለትም ተበዳዩ ብቻ ነው፤ ሌላ ሰው ከነካው ዕርቁ ፈረሰ። አባቴ እንደ አንዳንዱ ለወጉ ያህል ጠጠር አላነሱም። መጅ የሚያክል ድንጋይ መርጠው ማጅራታቸው ላይ ጫኑና ተንበረከኩ።

ኃላፊው «እኔ ይቅር እላለሁ። እሷም ክሷን ትተው» አለ። ክሱን ብተው ቅጥሬ ቀረ ማለት ነው።

አባቴ ከድንጋዩ ሥር ሆነው «ድንጋዩ የደምህ ነው። የልጄ ፍርድ ሌላ ነው፤ አታደባልቅብኝ» አሉት።

ሰውየው እጁን ወደ ኋላ አጣምሮ ቆመ። ሽማግሌዎቹ ለመኑት፣ ገዘቱት፤ ወይ ፍንክች። ፀሐይዋ በረታች። የአባቴ የአንገት ሥር ተገታተረ፣ ከጉልበታቸው ሥር ያለው ጠጠር ደም ያዘ። ደሜ ፈላ። ያንን ድንጋይ ነጥቄ የተሰፋው ግንባሩ ላይ ልከሰክሰው እጄ ተነስቶ ነበር፤ ዕርቁን አፍርሶ አባቴን ዳግመኛ ወህኒ ማስገባት ሆነብኝና መለስሁት።

ከሽማግሌዎቹ አንዱ ወደኔ ዞሩ። «ልጄ፣ በይ አባትሽን አሳርፊያቸው።»

«ተውሁት!» ብዬ ጮኽሁ። «ክሱን ተውሁት፣ አውርድላቸው!»

አወረደው። ሽማግሌዎቹ ለሁላችንም ምርቃት አወረዱ። እኔ አሜን አላልሁም።

አባቴን እስከ ጀልባው ሸኘኋቸው። አንገታቸው አልቀና ብሎ መሬት መሬት እያዩ ሄዱ። ከዚያ ሁሉ ስቃይ ያዳንኋቸው መስሎኝ ምስጋና እጠብቅ ነበር። ጀልባው ላይ ሊወጡ ሲሉ በመላ ሰውነታቸው ዞረው አዩኝ።

«ምነው ልጄ» አሉኝ፤ «እስከ ማታ እችለው ነበር እኮ።»