ለታሰረው ኃላፊ የወሰድነው ስንቅ

አክስቴ አንኮበር ደጋው ላይ ትኖራለች። የቄስ ሚስት ነበረች፤ ባሏ ካረፈ ወዲህ ብቻዋን ናት። ያላት ከጓሮዋ ያለች አንዲት ማሳ ብቻ ናት። የበልግ ገብስ ትዘራባታለች፣ ዓመቱን የምትበላው እሱን ነው። ታዲያ አንድ ቀን ከመሬት ጽሕፈት ቤት ሰዎች መጡና የመንግሥት ነው ብለው ማሳዋን በሽቦ አጠሩባት። ከሰሰች፣ ረታች። ፍርድ ቤቱ አጥሩ ይነሣ ብሎ አዘዘ። የጽሕፈት ቤቱ ኃላፊ ግን ትእዛዙ ሁለት ጊዜ ቢጻፍለትም መሳቢያው ውስጥ ከቶት ዝም አለ። እኔ ደብረ ብርሃን ሆኜ በስልክ ስሰማ ደሜ ይፈላ ነበር።

ዐቢይ ጾም ገብቶ ዝናቡ ሲጀምር ዳኛው ኃላፊውን ችሎት አስቀረቡት። እኔም ከደብረ ብርሃን መጥቼ ከአክስቴ ጎን ተቀምጫለሁ። ለምን እንዳልፈጸመ ሲጠየቅ "እያጣራን ነው" አላቸው። በሉ እንግዲህ! የተፈረደውን ነገር ነው የሚያጣራው። ትእዛዙን እስኪፈጽም ይታሰር ተባለና ፖሊስ ይዞት ወጣ። እኔ እልል ልል ምንም አልቀረኝ፤ አክስቴ ግን ፊቷ ጠቆረ።

"የሩቅ አገር ሰው ነው። ማን ስንቅ ያቀብለዋል?" አለችኝ።

"አብደሻል እንዴ? አንቺን ምን አገባሽ?"

"ያሳሰርኩት እኔ አይደለሁም? መሬቴን አስመልሳለሁ ብዬ የሰው ልጅ ላስርብ?"

በማግስቱ ሽሮ በእንጀራ ቋጥራ እኔን አስከትላ ጣቢያው በር ላይ ቆመች። ፖሊሱ "እማማ፣ ምኑ ነዎት?" ሲላት፣ ያለ አንዳች እፍረት "ከሳሹ ነኝ" አለችው።

ፖሊሱ ምግቡን አየ፣ እሷን አየ። ለእስረኛ ምግብ ያመጣ ሰው ራሱ ቀምሶ ነው የሚያስገባው። "እንግዲያው ይቅመሱ" አላት።

"ልጄ፣ እስከ ዘጠኝ ሰዓት ጿሚ ነኝ። እሷ ትቅመስልኝ።"

እሷ የተባልኩት እኔ ነኝ! መንገዱን ሙሉ ሰውዬውን ስራገም የመጣሁት። ፖሊሱም ጠርጥሮ ከዚህም ከዚያም ጥግ እያስቆረሰ አጎረሰኝ። ሽሮው ደግሞ ሲጣፍጥ! እንዲያውም ያናደደኝ እሱ ነው።

ኃላፊው ወጥቶ ሲያያት አንገቱን ደፋ። እስኪበላ ጠበቀችውና "ልጄ፣ አጥሩን አንሣልኝ። ዘሩ አሁን ካልገባ ዓመቱን ምን እበላለሁ?" አለችው።

"እማማ፣ የበላይ አካል አለብኝ።"

"ዳኛው ያዘዙት አንተን ነው።"

 ከፖሊሱ ወረቀት ለምኖ አጥሩ ይነሣ ብሎ ለምክትሉ ጻፈ። በሦስተኛው ቀን ሽቦው ተነቀለ፣ እሱም ተፈታ።

ማሳው ታርሶ አክስቴ ልትዘራ ስትል፣ ሰውዬው ዳገቱን በእግሩ ወጥቶ መጣ። ኮፍያውን አውልቆ "እማማ፣ ይቅር ይበሉኝ" አላት። እኔ የምለውን አዘጋጅቼ ነበር፤ ዓይኗን ሳይ ዋጥኩት። እንደ እሷ የምወደው ሰው የለኝም።

"እኔ ይቅር ብዬሃለሁ" አለችው። "ግን የናቅኸው እኔን ብቻ አይደለም፣ ፍርዱን ነው። ሌላዋ ባልቴት የፍርድ ወረቀት ይዛ ስትመጣ፣ አንተ ራስህ እስክትታሰር እንዳትጠብቅ።"